በጣና ዳር የተፈጥሮ ታሪክ ማኅበር እንዴት ይቋቋማል? ከ19ኛው ክፍለ ዘመን ማኅበራት የምንወስደውና የምንተወው

በ1817 የፍራንክፈርት ነዋሪዎች ተሰባስበው ዜንከንበርግ የተባለ የተፈጥሮ ምርምር ማኅበር አቋቋሙ (በዚህ ጽሑፍ የውጭ አገር ታሪክ ዓመታት ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። የዚያው ከተማ ልጅ ኤድዋርድ ሩፔል በ1832 እና 1833 በጎንደርና በጣና አካባቢ ቆይቶ የሐይቁን ዓሦች ሰበሰበ። የዓሦቹም ገለጻ በዚሁ በከተማው ማኅበር ኅትመት ታተመ። ዛሬ ከጣና ነጭ ዓሦች አንዱ በሳይንስ ስሙ «ላቤኦባርበስ ጎርጓሪ» ይባላል። ጎርጓሪ የሚለውን ቃል ለባሕር ዳር ሰው መተርጎም አያስፈልግም። ዓሣው እዚህ ይዋኛል፣ ቃሉም ከእኛ አፍ የራቀ አይደለም፤ መዝገቡ ግን ያለው ፍራንክፈርት ነው።

ይህን ሥራ የሠራው የአንድ ከተማ ሰው ማኅበር መሆኑ ልብ ሊባል ይገባል። በዚያ ክፍለ ዘመን በእንግሊዝ፣ በስኮትላንድና በጀርመን ሐኪሙ፣ ቄሱ፣ መምህሩና ሸማኔው በየወረዳው እየተሰባሰቡ የአገራቸውን ዕፅ፣ ወፍ፣ ድንጋይና ፍርስራሽ መዝግበዋል። እኛም ከዘጌ እስከ ጎርጎራ ይህን ማድረግ እንችላለን። ነገር ግን ማኅበሩ መገንባት ያለበት በመዝገቡ ዙሪያ ነው። ቤትም ሙዚየምም ቆይቶ ይደረሳል።

ስንት ሰው፣ በምን ሥርዓት

የበርዊክሻየር የተፈጥሮ ወዳጆች ክበብ መስከረም 22 ቀን 1831 (በአውሮፓውያኑ ወር ማለት ነው) ኮልዲንግሃም በተባለች መንደር ሲጀመር የተገኙት ዘጠኝ ሰዎች ነበሩ። መሪው ጆርጅ ጆንስተን የበርዊክ ከተማ ሐኪም ነበር። ክበቡ ቤት ከመከራየት ይልቅ በዓመት ጥቂት ጊዜ በየተራ ወደተለያዩ መንደሮች እየወጣ ቀኑን ሙሉ ይመለከት ነበር። ሊቀ መንበሩ በየዓመቱ ይለወጣል፤ ከመውረዱ በፊት ግን የዓመቱን ጉዞዎች በሙሉ ጽፎ ማቅረብ ግዴታው ነው፤ የጻፈውም ይታተማል። ክበቡ ዛሬም አለ። ለዚህ ዕድሜ ያበቃው ይህ ግዴታ ይመስለናል።

ይህ ሥርዓት ለእኛ እንግዳ አይደለም። የጽዋ ማኅበር ያለው ሰው ተራ ምን እንደሆነ፣ ሙሴው ምን እንደሚሠራ፣ ያልመጣ ሰው እንደሚቀጣ ያውቃል። ያንኑ ውሰዱ። ከ8 እስከ 12 ሰው ይበቃል፤ ከዚያ ከበዛ በአንድ ጀልባ አይጫንም፣ ጫካ ውስጥም ኋላ ያለው ፊት ያለው የሚናገረውን አይሰማም። አንድ ዓሣ አጥማጅ፣ አንድ የደንገል ታንኳ የሚሠራ ሰው፣ አንድ የባዮሎጂ መምህር፣ አንድ ቡና ያለው የዘጌ ገበሬ፣ አንድ የአብነት ትምህርት የተማረና እጁ የጠራ ጸሐፊ ካገኛችሁ ግማሹ ሥራ ተሠርቷል። የነገደ ወይጦ ሰዎች ስለ ደንገልና ስለ ጉማሬ የሚያውቁትን ያህል የሚያውቅ ሰው ማግኘት ይከብዳል። ስለዚህ እየተጠየቁ የሚሄዱ መረጃ ሰጪዎች ብቻ ሳይሆኑ ተራ የሚይዙ ሙሉ አባላት ይሁኑ።

መተዳደሪያው ከአንድ ገጽ አይብለጥ። የወሩ ተረኛ የዚያን ቀን ማስታወሻ ይጽፋል። ጽሑፉን በ7 ቀን ውስጥ ካላስረከበ የሚቀጥለውን ጉዞ የጀልባ ኪራይ ይከፍላል። መዋጮው ለወረቀት፣ ለእርሳስና ለጀልባ ብቻ ይውላል። ባንክ ሒሳብ መክፈትና ከመሥሪያ ቤቶች ጋር መጻጻፍ ሲያስፈልግ በሲቪል ማኅበረሰብ ድርጅቶች አዋጅ ቁጥር 1113/2011 መመዝገብ ይመጣል። ለመጀመሪያው ዓመት ግን ቀበሌው ማወቁ ይበቃል።

ሙዚየም አትክፈቱ የምንለው በምክንያት ነው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን በየትንሹ ከተማ የተከፈቱ የማኅበር ሙዚየሞች ብዙዎቹ አንድ ዓይነት መጨረሻ ነበራቸው፤ መሥራቹ ይሞታል፣ የክፍሉ ኪራይ ይቋረጣል፣ ብል ላባውን ይበላል፣ ወረቀቱ ከናሙናው ይለያያል። ከየት እንደመጣ የማይታወቅ የተሞላ ወፍ ደግሞ ለጥናት አይሆንም።

ጠረጴዛ ዙሪያ

በማንችስተር አቅራቢያ የነበሩ ሸማኔዎች እሑድ እሑድ በመጠጥ ቤት እየተሰበሰቡ ዕፅዋት ያጠኑ ነበር። ሁሉም ያገኘውን ይዞ መጥቶ ጠረጴዛው ላይ ይከምራል፤ ከዚያ ሁሉም በአንድ ጊዜ ያወራል። የፕሬስትዊች ማኅበር መሪ የነበረው ሸማኔ ጆን ሆርስፊልድ ለዚህ መላ አበጀ። ከክምሩ አንድ ዕፅ ያነሣል፣ ለጎኑ ሰው ይሰጣል፣ ስሙን ይነግረዋል፤ ያም ለሚቀጥለው ከነስሙ ያስተላልፋል፤ ዕፁ ዙሩን ጨርሶ እስኪመለስ ሌላ አይነሣም። ማንበብ የሚቸግረው ሰው እንኳ በዚህ ዙር መቶ ዕፅ በስሙ ይይዛል።

እኛ ዘንድ ዙሩ አንድ ነገር ይጨመርበት። ዕፁ በእጁ የደረሰ ሁሉ እሱ የሚያውቀውን ስም ይናገር፤ ጸሐፊውም ስሙን ከነተናጋሪው ሰፈር ይጻፍ። «ነጭ ዓሣ» በዚህ ጉዳይ ጥሩ ማስጠንቀቂያ ነው። በገበያ አንድ ስም ነው፤ ከጀርባው ግን በጣና ብቻ የሚገኙ 15 የላቤኦባርበስ ዝርያዎች ተለይተዋል። አጥማጁ በከንፈሩ፣ በአፉ አቀማመጥና በጀርባው ቅርጽ ይለያቸዋል፤ መዝገባችሁ «ነጭ ዓሣ፣ 3 ኪሎ» ካለ ግን ያ እውቀት እዚያው ሚዛኑ ላይ ቀረ። ዓሣ ስትመዘግቡ ራሱ ወደ ግራ ዞሮ፣ ክንፎቹ ተዘርግተው፣ ማስመሪያ ከሥሩ ተቀምጦ ፎቶ ይነሣ። ርዝመቱን ከአፍንጫው እስከ ጅራቱ ጫፍ ወይስ እስከ ጅራቱ ስንጥቅ እንደለካችሁ ጻፉ። ሁለቱ በአንድ ዓሣ ላይ በብዙ ሴንቲ ሜትር ይለያያሉ፤ የዓመቱን ሥራ የሚያበላሸውም አንዱ አባል እንዲህ ሌላው እንዲያ መለካቱ ነው። ከሐምሌ እስከ ጥቅምት አብዛኞቹ ለመራባት እንደ ጉማራ ወዳሉ ገባር ወንዞች ስለሚወጡ፣ በእነዚያ ወራት ከወንዝ አፍ የተያዘውን ከሐይቅ መካከል ከተያዘው ለይታችሁ መዝግቡ።

ወረቀቱ ላይ የሚጻፈው

አንድ ናሙና ያለ ጽሑፍ ገለባ ነው። ለምሳሌ የግራዋ ቅርንጫፍ ከዘጌ ወስዳችሁ እንደሆነ ወረቀቱ ይህን ይመስላል፦

«ቁ. 41። ግራዋ (የቦታው ስም፤ የነገሩን የኡራ ገበሬ)። ዘጌ፣ ከጀልባ መውረጃው ወደ ኡራ ኪዳነ ምሕረት በሚወስደው መንገድ ግራ በኩል፣ 300 ሜትር ገደማ፣ የቡና ጥላ ዳር። በስልክ የተነበበ የቦታ መጋጠሚያ (ጂፒኤስ)፣ ከነጥብ በኋላ ካሉት አራት አሃዞች ጋር። ቁመቱ 3 ሜትር፣ ግንዱ ከሥሩ ሦስት ቦታ የተከፈለ። አበባው ነጭ፣ ንቦች ነበሩበት። ታኅሣሥ 12 ቀን 2017 ዓ.ም.፣ ከቀኑ 4 ሰዓት። ቅጠሉ ለጠላ ዕቃ ማጠቢያ ይውላል። የሰበሰበው፣ የጻፈው።»

የአበባው ቀለም የተጻፈው ሲደርቅ ስለሚጠፋ ነው፤ ነጩ ቡናማ ይሆናል። ቁመቱ የተጻፈው ከቅርንጫፉ ሊታወቅ ስለማይችል ነው። «ዘጌ» ብቻ ብሎ መተው ልማድ ነው፤ ነገር ግን ከሃምሳ ዓመት በኋላ ያንን ዛፍ ፈልጎ የሚመጣ ሰው ባሕረ ገብ መሬቱን ሁሉ አይዞርም። የመጋጠሚያው አሃዝ ከነጥብ በኋላ ሁለት ከሆነ ስሕተቱ አንድ ኪሎ ሜትር ያህል ይሆናል፣ አራት ከሆነ ወደ 11 ሜትር ይወርዳል።

ቀን ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል። ሁልጊዜ በእኛ አቆጣጠር ጻፉና «ዓ.ም.» የምትለውን አትርሱ፤ ከጎኑ የአውሮፓውያኑን ጨምሩ። መስከረም 1 አብዛኛውን ጊዜ በሴፕቴምበር 11 ይውላል፤ ጳጉሜን 6 ከሆነች ዓመት ቀጥሎ ግን በ12 ይውላልና እስከ የካቲት 21 ያለው ቀን ሁሉ በአንድ ይገፋል። 2016 ዓ.ም. እንዲህ ነበር። ሰዓትም ስትጽፉ «ከጠዋቱ»፣ «ከቀኑ» በሉ። «3፡00» ብቻ ከተጻፈ የውጭ አንባቢ ሌሊት ያደርገዋል።

ጽሑፉ በእርሳስ ይሁን። የእስክርቢቶ ቀለም እርጥብ ቅጠል ሲነካው ይፈሳል፣ ፀሐይም ያደበዝዘዋል።

ዕፅ መጫንና ማድረቅ

ሁለት ጣውላ፣ እያንዳንዱ 45 በ30 ሴንቲ ሜትር፤ ባለ ሸንተረር ካርቶን 15 ያህል በዚሁ ልክ፤ የቆየ ጋዜጣ፤ ሁለት የጎማ ገመድ ከአሮጌ ከመነዳሪ የተቆረጠ። ካርቶኑ ሲቆረጥ ሸንተረሩ በአጭሩ ጎን ይሂድ፤ አየሩ አጭር መንገድ ካገኘ ቶሎ ይወጣል። የሚለጥፉበት ወረቀት 42 በ28 ያህል ስለሆነ ቅርንጫፉ ከዚያ መብለጥ የለበትም። ረጅም ሣር በ«V» ወይም በ«N» ቅርጽ ይታጠፋል። ቢያንስ አንድ ቅጠል ተገልብጦ ጀርባው ይታይ፤ መለያው ብዙ ጊዜ ጀርባው ላይ ነው።

ደንገል ለብቻው ይታሰብበት። ግንዱ ባለሦስት ማዕዘንና ውሃ የጠገበ ነውና ሙሉውን ብትጫኑት ውስጡ ይሻግታል። በርዝመቱ ሰንጥቁት፣ ልቡን አውጡ፣ ከሚለጠፍበት ወረቀት የማይበልጥ ብቻ አስቀሩ፤ ከራስጌው ጎፈር ሩቡን ወስዳችሁ ሙሉ ቁመቱን በሜትር ጻፉ። የቡና ፍሬ፣ የሾላ ፍሬ ተሰንጥቆ በወረቀት ከረጢት ይገባና ያው ቁጥር ይጻፍበታል። ከውሃ ውስጥ የሚወጣ ልል ዕፅ በእጅ ከተነሣ ይጨባበጣል፤ ሳፋ ላይ አንሳፍፋችሁት ወረቀት ከሥሩ አስገብታችሁ ቀስ አድርጋችሁ አንሡ።

ጋዜጣውን በማግሥቱ ቀይሩ። ቅጠሉ ለስልሶ ስለሚገኝ የታጠፈውን ለማቃናት ያ የመጨረሻው ዕድል ነው። ከዚያ ለአራት ቀን በየቀኑ፣ ከዚያ በሁለት ቀን አንዴ። መድረቁን ለማወቅ ጉንጫችሁን አስነኩት፤ ከቀዘቀዛችሁ ገና ውሃ አለው። በበጋ 7 እስከ 10 ቀን ይበቃዋል። በክረምት ግን ያለ ሙቀት አይሆንም፤ የባሕር ዳር ሐምሌ ጋዜጣውን ራሱን ያረጥበዋል። መጫኛውን በጎኑ አቁማችሁ እንጀራ ተጋግሮ ካለቀ በኋላ ከምጣዱ አጠገብ (ላዩ ላይ አይደለም) አስቀምጡት። ሙቀቱ 40 ዲግሪ አካባቢ ይሁን፤ እጅ የማይችለው ከሆነ ቅጠሉ ጠቁሮ ይሰባበራል።

የደረቀው በላስቲክ ታሽጎ አንድ ሳምንት ከዜሮ በታች 18 ዲግሪ ማቀዝቀዣ ውስጥ ይቆይ፤ ነቀዝና እንቁላሉ የሚሞተው እንዲህ ነው። ሲወጣ ላስቲኩ ወዲያው አይከፈት፤ የቤቱን ሙቀት እስኪይዝ አንድ ቀን ጠብቁት፣ አለዚያ ጤዛ ይወርድበትና የደከማችሁበት ሁሉ ይሻግታል። ከእያንዳንዱ ዕፅ ሁለት ሁለት አዘጋጁ፤ አንዱ እናንተ ዘንድ ይቆይ፣ ሌላው አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ወዳለው ብሔራዊ ሐርባሪየም (የደረቁ ዕፅዋት ማኅደር) ይሂድ። እዚያ የሚሰጠው ስም በቁጥሩ ተጠቅሶ ይመለስላችኋል፤ ለዚህ ነው ቁጥሩ በሁለቱም ላይ አንድ የሚሆነው።

ዝናብ

ጆርጅ ሳይመንስ በ1860 የእንግሊዝን ዝናብ ማሰባሰብ ሲጀምር ከ168 ቦታ ነበር መረጃ የመጣለት፤ በ1900 ሲሞት ከ3,000 በላይ ደርሶ ነበር። ለኪዎቹም እንደ ቄስና መምህር ያሉ የአካባቢው ሰዎች ነበሩ። ከሁሉ የሚቀለውና ብዙ ዋጋ ያለው ሥራ ይህ ነው።

አፉ 16 ሴንቲ ሜትር የሆነ ማንቆርቆሪያ (ፈነል) ባለ 2 ሊትር የፕላስቲክ ጠርሙስ ላይ ግጠሙ። በዚህ ስፋት 20 ሚሊ ሊትር ውሃ ማለት 1 ሚሊ ሜትር ዝናብ ነው፤ መርፌ የሌለው ትልቅ ሲሪንጅ ለመለኪያ ይበቃል። ጠርሙሱ 100 ሚሊ ሜትር ይይዛል። አፉ ከመሬት 30 ሴንቲ ሜትር ከፍ ይበል፤ ዝቅ ካለ ከመሬት የሚፈናጠር ጭቃ ይገባበታል። ከዛፍም ከግንብም ቢያንስ የቁመታቸውን ሁለት እጥፍ ይራቅ። በየቀኑ ከጠዋቱ 3 ሰዓት ይነበብና ለትናንት ይጻፍ፤ የሌሊቱን ዝናብ ግማሹ አባል ለዛሬ፣ ግማሹ ለትናንት ከጻፈው ድምሩ እንጂ ቀኑ አይታመንም። ዝናብ ባልጣለ ቀን «0» ጻፉ። ባዶ ቦታ ካነበባችሁት ይሁን ከረሳችሁት አይለይም።

የሐይቁንም ከፍታ መከታተል የምትፈልጉ ከሆነ በቀለም የተመለከተ ዘንግ ጠዋት ነፋስ ሳይነሣ አንብቡ፤ ከሰዓት በኋላ ነፋሱ ውሃውን ወደ አንዱ ዳር ስለሚገፋው ያልጨመረ ሐይቅ የጨመረ ይመስላል። ከ1988 ዓ.ም. ጀምሮ ጨረጨራ ያለው ግድብ መውጫውን ስለሚቆጣጠር ቁጥራችሁ የዝናብ ብቻ እንዳልሆነ በመዝገቡ የፊት ገጽ ላይ ይጻፍ።

የዘጌ የፍሬ መጽሐፍ

ከዚያ ዘመን ሥራዎች ለእኛ በጣም የሚቀርበን ይህ ነው። በ1851 የተቋቋመው የሄሪፎርድ ዎልሆፕ ክበብ የወረዳው ጥንታዊ የፖምና የፒር ዓይነቶች እየጠፉ መሆናቸውን አይቶ ከ1876 እስከ 1885 እያንዳንዱን በስሙ፣ በታሪኩና በሥዕሉ እየመዘገበ በሰባት ክፍል አወጣ። ሥዕሎቹን አሊስ ኤሊስና ኤዲት ቡል የተባሉ ሁለት ሴቶች ሣሉ። 600 ቅጂ ብቻ ታተመ፤ ዛሬም የጠፋ ዓይነት የሚፈልግ ሰው ወደዚያ ይመለሳል። ፍሬው የተፈጥሮም የአገርም ቅርስ መሆኑን ገብቷቸዋል።

ዘጌ ቡና፣ ጌሾና ሎሚ አላት። መሬት አይታረስም የሚለውና ከአቡነ በትረ ማርያም ጋር ተያይዞ የሚነገረው ሥርዓት ጫካውን ያቆየው ነው። ለእያንዳንዱ የተመረጠ ዛፍ አንድ ገጽ ስጡ፦ ባለቤቱ የሚጠራበት ስም፣ ማን እንደተከለው፣ ከምን ዛፍ ጥላ ሥር እንዳለ (ዋንዛ፣ ብርብራ፣ ዶቅማ)፣ መቼ እንደሚያብብና እንደሚለቀም። የ100 ቀይ ፍሬ ክብደት ሲለቀም አንዴ፣ ደርቆ ሲፈለፈል አንዴ ይመዘን። ሎሚ ከሆነ የ10 ፍሬ ስፋትና ክብደት፣ አንዱ ተሰንጥቆ የዘሩ ብዛት። ፎቶ ከጫካው ውስጥ አታንሡ፤ የቅጠሉ አረንጓዴ ፍሬው ላይ ይወርድና ቀለሙን ይዋሻል። ነጭ ወረቀት ላይ አድርጋችሁ፣ ሜዳ ላይ፣ በቤት ጥላ ሥር አንሡ። የሚሥል ልጅ ካለ ደግሞ ይሣል፤ ሥዕል ፎቶ የማይለየውን ይለያል።

የምንተወው

የዚያ ክፍለ ዘመን ሰብሳቢዎች ያጠፉትም ብዙ ነው። ታላቁ ኦክ የተባለው የባሕር ወፍ የመጨረሻዎቹ ጥንዶች በ1844 አይስላንድ አጠገብ የተገደሉት ለሰብሳቢ ነው። በእንግሊዝ የፈርን (አበባ የሌለው የጥላ ዕፅ) ፍቅር ሲነሣ ብርቅ ፈርኖች ከየገደሉ ተነቅለው አለቁ። ይህን ያዩ የተፈጥሮ ወዳጆች ራሳቸው በ1869 የወጣውን የባሕር ወፎች ጥበቃ ሕግ ከገፉት መካከል ነበሩ። ስለዚህ ወፍ አይገደልም፣ እንቁላል አይነካም። ከአንድ ዓይነት ዕፅ በቦታው ከአሥር ግንድ በታች ካያችሁ ፎቶ ብቻ። ዘርና የማኅበረሰብ እውቀት ከአገር የሚወጣው በአዋጅ ቁጥር 482/1998 ፈቃድ ብቻ ነው፤ እንግዳ ተመራማሪ «ትንሽ ዘር ስጡኝ» ቢላችሁ መልሱ ይኸው ነው።

በገዳማት ደን አንድ ቅጠል ከመቁረጣችሁ በፊት አበምኔቱን ወይም የደብሩን አስተዳዳሪ አስፈቅዱ፤ እምቢ ካሉ በዓይን ብቻ መዝግቡ። ዳጋ እስጢፋኖስና ክብራን ገብርኤል ሴቶች ስለማይገቡ የማኅበር ጉዞ ኡራ ኪዳነ ምሕረት ይሁን፤ ግማሹ አባል ጀልባ ላይ የሚቀርበት ጉዞ አይያዝ። ጥልቀት በሌለው ውሃ በባዶ እግር አትግቡ፣ ቢልሃርዚያ አለ። (ዶክተር አክሊሉ ለማ በ1964 እ.ኤ.አ. አድዋ ላይ እንዶድ የቢልሃርዚያ አስተላላፊውን ቀንድ አውጣ እንደሚገድል የደረሰበት፣ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት በታች የሞቱ ቀንድ አውጣዎች በብዛት አይቶ ነው። እንዲህ ያለ ነገር ስታዩ ስንት እንደሆኑ ቁጠሩና ጻፉ።)

የዓመቱ መጽሔት

ጳጉሜን ላይ ሙሴው የዓመቱን ጽሑፍ ያስረክባል። ከ20 እስከ 40 ገጽ፣ በኮምፒውተር ተጽፎ በፎቶ ኮፒ ቢባዛም ይበቃል። የጉዞዎቹ ቀንና ቦታ፣ የናሙናዎቹ ዝርዝር ከነቁጥራቸው፣ የወር የወር ዝናብ፣ የተሰበሰቡ የአካባቢ ስሞች፣ ሁለት ሦስት የፍሬ ገጾች። የመጨረሻው ገጽ «ያለፈው ዓመት ስሕተት» ይባል፤ ቁ. 41 ግራዋ ተብሎ ሌላ ሆኖ ከተገኘ እዚያ ይታረማል፣ የቀድሞው ጽሑፍ ግን አይፋቅም። ቅጂዎቹን በአንድ ቤት አታስቀምጡ። አንዱ ለባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲ ቤተ መጻሕፍት፣ አንዱ ለወመዘክር (ለብሔራዊው ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት)፣ አንዱ ለዘጌ ትምህርት ቤት፣ አንዱ ለገዳሙ ዕቃ ቤት ይሰጥ። አንዱ ደግሞ ዓሣ በሚመዘንበት ዳስ በላስቲክ ተሸፍኖ ይሰቀል፤ አጥማጆቹ ገልጠው «ይህ ስም ልክ አይደለም» እንዲሉበት እርሳስ በክር ይታሰርበት።